«ኢቡሺጊን»፦ የታጠነ ብር ማለት ምን ማለት ነው? ከየትስ መጣ?

ጃፓን ውስጥ ስለ ተዋናይ ሲወራ ቶሎ ብላ የምትነሳ አንዲት አባባል አለች፣ «ኢቡሺጊን» ትባላለች፣ በተለይ ዕድሜውን ሙሉ ፖስተር ላይ በትልቁ ሳይወጣ ከጎን ሆኖ ፊልም ሲሸከም ስለኖረ ሰው ሲወራ። ከሁለት ቃል የተሰራች ናት፣ «ኢቡሱ» ማጠን ነው፣ «ጊን» ደግሞ ብር፣ ገንዘቡን ሳይሆን ማዕድኑን ማለቴ ነው (የቶኪዮዋ ጊንዛ ሰፈርም ስሟን ያገኘችው ከዚሁ ቃል ነው፣ በ1612 የብር ሳንቲም የሚመታበት ቤት እዛ ስለተተከለ)። እና ደስ የሚለው አማርኛ ለዚህች ቃል ምንም አይቸገርም፣ «የታጠነ ብር» ብለን እንገላገላለን፣ የጠላ ጋን በወይራ እንደሚታጠነው ማለት ነው። ልዩነቱ እኛ የምናጥነው ለሽታና ለጣዕም ሲሆን እነሱ ብሩን የሚያጥኑት ለመልኩ መሆኑ ነው።

አመጣጧ ከአንጥረኛ ቤት ነው። ብር ከድኝ ጋር ሲገናኝ ይጠቁራል፣ ላዩ ላይ ሲልቨር ሰልፋይድ የሚባል በጣም ስስ ጥቁር ሽፋን ይፈጠራል። ሳጥን ውስጥ የተቀመጠ የአያት አምባር ወይ የአንገት መስቀል ከጊዜ ብዛት የሚጠቁረውም በዚሁ ምክንያት ነው፣ አየር ላይ ያለችው ትንሽዬ የድኝ ጋዝ ቀስ እያለች ትሰራዋለች፣ እኛም እንወለውለዋለን። የጃፓን አንጥረኞች ግን ይሄንን ጥቁረት እንደ እድፍ አላዩትም፣ ሆን ብለው ራሳቸው ያመጡታል፣ በድኝ ጭስ እያጠኑ፣ አሁን አሁን ደግሞ ድኝ ያለበት ፈሳሽ ውስጥ እየነከሩ። ዋናው ቁም ነገር ያለው ከዛ በኋላ ነው፣ ዕቃው ከጠቆረ በኋላ ከፍ ከፍ ያለውን ቦታ መልሰው ያሹታል፣ ጎድጎድ ያለው ውስጥ የገባው ጥቁረት ግን እዛው ይቀራል፣ ያኔ የተቀረጸው አበባ ይሁን ወፍ መስመር በመስመር ቁልጭ ብሎ ይወጣል። አዲስ የሚያብረቀርቅ ብር ላይ ያንኑ ቅርጽ ብታዩት ብርሃኑ ዓይን ስለሚወጋ ግማሹ አይታይም።

እኔ ይህቺን አባባል መጀመሪያ ሳገኛት «ያረጀ፣ የደበዘዘ» ማለት መስሎኝ ነበር፣ ብሩ እንዴት እንደሚታጠን ሳነብ ነው ነገሩ የተገለበጠብኝ። ጭሱ የሚደብቅ አይደለም፣ የሚያሳይ ነው። ስለዚህ «የእሱ ትወና ኢቡሺጊን ነው» ሲባል «ድሮ ጎበዝ ነበር» እያሉ አይደለም፣ «አያብረቀርቅም፣ ግን ጥበቡ አንድም ሳይቀር ይታያል» ማለታቸው ነው። ለወጣት አትባልም፣ ብዙ ዓመት የለፋ ሰው ብቻ ነው የሚያገኛት። ለቤዝቦል ተጫዋችም ትባላለች፣ ኳሷን ከሜዳ አውጥቶ ሕዝብ ለሚያስጮኸው ሳይሆን ቡድኑ ሲጨንቀው የሚያስፈልገውን ትንሽ ነገር ሳይሳሳት ለሚሰራው።

የሷን ተቃራኒ ካነሳን «ዳይኮን ያኩሻ» አለች፣ «ፍጅል ተዋናይ» እንደማለት፣ ያ ነጩ ረጅሙ ፍጅል ነው። ለማይችል ተዋናይ የምትሰጥ ስድብ ናት፣ ብዙ ጊዜ የሚሰጣት ማብራሪያም ፍጅል እንዴትም ብትበላው ሆድ አይመታም፣ «መምታት» የሚለው ግስ ደግሞ በጃፓንኛ ትያትር ሲሳካም ይባላል፣ ስለዚህ ፍጅል መቼም አይመታም፣ ያ ተዋናይም እንደዛው። ቅኔ ለሚወድ ሰው ይሄ የሚጣፍጥ ጨዋታ ነው።

አሁን ወደ አንድ ሰው ልምጣ፣ ምክንያቱም «የታጠነ ብር» የሚለውን ሰው አድርገህ አሳየኝ ብትሉኝ ያለ ማቅማማት የፊልም ተዋናዩ ታካሺ ሺሙራ ነው የምለው። የተወለደው መጋቢት 1905 ሂዮጎ ግዛት ኢኩኖ የምትባል ከተማ ነው (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ ነው የምጽፈው)፣ ኢኩኖ ደግሞ ምን ያላት ከተማ መሰላችሁ፣ የብር ማዕድን! ለብዙ መቶ ዓመታት ብር ሲወጣባት የኖረች፣ ማዕድን ማውጫው በ1973 የተዘጋ፣ አባቱም እዛው የማዕድን ሥራ ባለሙያ ነበሩ። አባባሏ ከሱ መጣች እያልኩ አይደለም፣ ግጥምጥሞሽ ነው፣ ግን ሳስበው ሁሌ ይገርመኛል።

የጭሱን ነገር ደግሞ ሕይወቱ ውስጥ ታገኙታላችሁ። ኦሳካ ካንሳይ ዩኒቨርሲቲ የእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ ሲማር አባቱ ጡረታ ወጡና ገንዘብ አጠረ፣ ቀን የኦሳካ ከተማ ውኃ መሥሪያ ቤት እየሰራ ማታ መማር ጀመረ፣ እዛው ትያትር ለከፈው፣ ለልምምድ ሲል ከሥራ እየቀረ ሥራውንም አጣ ትምህርቱንም ተወው። ከቡድን ጋር እየዞረ ሲተውን ቡድኑ ከሰረ። ፊልም ውስጥ የገባው በ1934 ነው፣ ሲኒማ ድምፅ ማሰማት ሲጀምር መናገር የሚችል የመድረክ ሰው ተፈላጊ ስለሆነ። ከዛ ድሮ ከግራ ዘመም ትያትረኞች ጋር ነበርክ ተብሎ ቶክኮ የሚባለው የፖለቲካ ፖሊስ ይዞት ሦስት ሳምንት ገደማ ታስሯል። ጦርነቱ አልቆ 1946 ላይ ዳይሬክተሩ አኪራ ኩሮሳዋ ስለዛ ዘመን ፊልም ሲሰራ መርማሪ ፖሊሱን ሆኖ የተጫወተው ማን ነው? ራሱ ሺሙራ። ፊት ለፊቱ ተቀምጦ የጠየቀውን ሰው መልሶ ሲሆነው ማየት ለኔ ከባድ ነገር ነው።

ሚናዎቹን በቁጥር ልናገር ብል አልጨርስም፣ ከ200 በላይ ፊልም ላይ ሰርቷል። ኩሮሳዋ ከሰራቸው 30 ፊልሞች 21ዱ ላይ አለ፣ ቶሺሮ ሚፉኔ እንኳን 16 ነው ያለው፣ ግን የኩሮሳዋ ተዋናይ ማን ነው ሲባል ዓለም ቶሎ የሚጠራው ሚፉኔን ነው። ሺሙራ ሰካራም ሐኪም ሆኗል፣ ልምድ ያለው መርማሪ ሆኗል፣ ጉቦ በልቶ ህሊናው የሚያሰቃየው ጠበቃ ሆኗል፣ «ራሾሞን» ላይ ሕፃኑን ታቅፎ የሚሄደው እንጨት ቆራጭ እሱ ነው። 1954ን ብቻ ብንወስድ ሚያዝያ ላይ በ«ሰባቱ ሳሙራይ» የሰባቱ አለቃ ካምቤይ ሆኖ መጣ፣ ታፍኖ የተያዘ ልጅ ለማዳን መነኩሴ ለመምሰል ፀጉሩን የሚላጨው፣ ከዛ በኋላ ሲያስብ የተላጨ ጭንቅላቱን የሚዳብሰው፣ ኅዳር ላይ ደግሞ በመጀመሪያው «ጎድዚላ» ፕሮፌሰር ያማኔ ሆኖ፣ ሁሉም ግደሉት ሲል ይጠና የሚለው ሽማግሌ። ሁለቱንም አንድ ሰው እንደሰራቸው ሳይነገራችሁ ብታዩ ትጠራጠራላችሁ።

ግን የአባባሏን ትርጉም በአንድ ትዕይንት አሳየኝ ከተባልኩ የ1952ቱን «ኢኪሩ»ን ነው የምመርጠው። ይሄን ለማየት መጀመሪያ አንድ ነገር ማወቅ ያስፈልጋል፣ ሺሙራ ድምፁ ጥሩ ነበር፣ በጣም ጥሩ። በ1939 በወጣ የሳሙራይ ዘመን ሙዚቃዊ ፊልም ላይ ዘፍኖ አንድ የሙዚቃ ሸክላ ኩባንያ ዘፋኝ ሁንልን ብሎ ውል እስከማቅረብ ደርሶ ነበር። ይሄ ሰው ነው እንግዲህ «ኢኪሩ» ላይ ዋታናቤ የሚባል፣ 30 ዓመት ማዘጋጃ ቤት ወረቀት ላይ ማህተም ሲመታ የኖረ፣ የጨጓራ ካንሰር እንዳለበት ያወቀ ቢሮክራት ሆኖ ዳንስ ቤት ውስጥ አንድ የድሮ ዘፈን የሚያንጎራጉረው። ድምፁ የለም፣ ከንፈሩ በጭንቅ ነው የሚላወሰው፣ ዓይኑ እንባ ሞልቷል፣ ዙሪያው ያሉት ጭፈራቸውን አቁመው ቀስ እያሉ ይሸሹታል። በኋላ በረዶ እየጣለ እሱ ባሰራው የልጆች መጫወቻ ውስጥ ዥዋዥዌ ላይ ተቀምጦ እንደገና ይዘፍነዋል፣ ያኔ ግን ያው ደካማ ድምፅ ደስታ አለበት። የሚያምር ድምፅ ያለው ሰው ድምፁን አጥኖ አጥቁሮ፣ የሰውየው ፍርሃትና ደስታ ብቻ ቁልጭ ብሎ እንዲወጣ ማድረግ፣ ይሄ ነው ኢቡሺጊን። እሱ ያኔ 47 ዓመቱ ነው፣ ስለዚህ አባባሏ ስለ ዕድሜ ብቻ አለመሆኗን እዚህ ማየት ይቻላል፣ ሽማግሌውን የፈጠረው ራሱ ነው።

እዚህ ላይ «ከጎን የሚሰራ ተዋናይ ነው ብለህ መሪ ሚናውን ነው ያወራኸው» የሚል ካለ ልክ ነው፣ ግን በኋላ ያደረገውን እዩ። «ኢኪሩ»ን የመሰለ ነገር ሰርቶ፣ በእንግሊዞቹ የፊልም ሽልማት በባፍታ ሳይቀር ዕጩ ሆኖ፣ ተመልሶ ትንንሽ ሚና ለመስራት አልከበደውም። «ዮጂምቦ» ላይ የሳኬ፣ የሩዝ መጠጥ፣ ጠማቂ ነው፣ «ሞትራ» ላይ የጋዜጣ አዘጋጅ፣ አንዳንዱ ላይ ገብቶ እስኪወጣ ጥቂት ደቂቃ ነው፣ ግን እሱ የገባበት ክፍል ወዲያው እውነተኛ ክፍል ይሆናል፣ ሌሎቹም ተዋናዮች ሲያናግሩት ይበልጥ ይጎላሉ። ጎድጎዱ ሲጠቁር ከፍ ያለው እንደሚያበራው።

1980 ላይ ኩሮሳዋ «ካጌሙሻ»ን ሲሰራ ሺሙራ 75 ዓመቱ ነበር፣ ጤናውም ደህና አልነበረም። ኩሮሳዋ ግን አልተወውም፣ ታጉቺ ግዮቡ የሚባል ትንሽ ሚና ለሱ ብሎ ጻፈለት። ፊልሙ ወደ ውጭ አገር ሲላክ ሲያጥር ያቺ ክፍል ተቆርጣ ስለነበር አውሮፓና አሜሪካ ያየው ሰው ብዙ ዓመት ሺሙራን ሳያየው ቀረ፣ በኋላ በዲቪዲ ነው የተመለሰችው። የካቲት 1982 በሳንባ በሽታ አረፈ። «ካጌሙሻ»ን ልታዩ ከሆነ ሙሉውን፣ ሦስት ሰዓቱን ፈልጉ፣ አጭሩን ስታዩ እሱ የለም።