«ዱንግ» ማለት ምን ማለት ነው? ስለ ቬትናማውያን ስም የተያዙ የተሳሳቱ አመለካከቶችና እውነታው

በሲያትል ከተማ በአንድ ክሊኒክ መዝገብ ክፍል ውስጥ መሥራት ከጀመርኩ ዓመታት አልፈዋል፤ ከማስተናግዳቸው ሰዎች መካከል ሐበሾችም ቬትናማውያንም ብዙ ናቸው። በአባቱ ወይም በአያቱ ስም በተጠራ ቁጥር «ይህ እኮ የእኔ ስም አይደለም» ብሎ የሚቆጣው ወገኔ ቁጣው ተገቢ ነው። ይኸው ሰው ግን አጠገቡ ተቀምጦ ወረፋ የሚጠብቀው ቬትናማዊ «ዱንግ» መባሉን ሲሰማ እየሳቀ ትርጉሙን ሊነግረኝ ይሞክራል። ይህ አንድ ጊዜ ቢሆን ኖሮ ባለፍኩት ነበር።

«ዱንግ ፋንድያ ማለት ነው።» አይደለም። ፋንድያ የሚለው ትርጉም የእንግሊዝኛው ቃል ነው፤ ከቬትናምኛው ስም ጋር የሚያገናኘው በላቲን ፊደል ሲጻፉ መመሳሰላቸው ብቻ ነው። አነባበባቸው እንኳ አይገናኝም። የስሙ የመጀመሪያ ፊደል በሃኖይ እንደ «ዘ»፣ በደቡብ ደግሞ እንደ «የ» ስለሚነበብ ስሙ በሰሜን «ዙንግ»፣ በሳይጎን «ዩንግ» ነው፤ መጨረሻው ላይም «ም» ሊሉ እንደሆነ ሁሉ ከንፈር ይገጠማል። እኔም እዚህ ላይ «ዱንግ» ብዬ የምጽፈው አንባቢ በዚያ ስለለመደው ነው።

«ፊደሎቹን ካየሁ ትርጉሙን ከኢንተርኔት አገኘዋለሁ።» ከሁሉም በላይ የሰለቸኝ ይህ ነው፤ የሚሉትም ብዙውን ጊዜ የተማሩ ሰዎች ናቸው። ቬትናምኛ ቃልን ከቃል የሚለየው በድምፅ መውጣትና መውረድ ጭምር ነው፤ ጽሕፈቱም ይህን ያሳያል። አምስት የቃና ምልክቶች አሉት፤ ምልክት አለመኖሩም ራሱ ስድስተኛ ቃና ነው። የፈረንሳዩ ኢየሱሳዊ ሚሲዮናዊ አሌክሳንድር ደ ሮድ እ.ኤ.አ. በ1651 ሮም ላይ ባሳተመው መዝገበ ቃላት ውስጥ ምልክቶቹ ነበሩ፤ እንደ ጌጥ ኋላ የተጨመሩ አይደሉም። ገፍፎ የሚጥላቸው የእኛ ቢሮ ኮምፒውተር ነው፤ ከተገፈፉ በኋላ «ዱንግ» የሚመስል ነገር ሲቀር ቢያንስ አራት የተለያዩ ቃላት በአንድ መልክ ይታያሉ።

ምልክት የሌለው ዱንግ «መልክ፣ ገጽታ» ማለት ሲሆን የሴት ስም ነው። የኮንፊሽየስ ትምህርት ከሴት ልጅ ይጠብቃቸው ከነበሩት አራት በጎ ነገሮች፣ ማለትም ከሙያ፣ ከመልክ፣ ከአነጋገርና ከጠባይ መካከል ሁለተኛው ነው፤ ስለዚህ ወላጆች ይህን ስም ሲያወጡ የሚመኙት ቁንጅናን ብቻ ሳይሆን ጨዋ አቋምንም ጭምር ነው። ከላይ የማዕበል ምልክት ሲደረግበት፣ ድምፁም በሰሜኑ አነጋገር መሃሉ ላይ ጉሮሮ ውስጥ ታነቅ ብሎ ሲነሳ፣ «ጀግንነት፣ ድፍረት» ይሆናል፤ ይህ የወንድ ስም ነው። ከ2006 እስከ 2016 እ.ኤ.አ. ጠቅላይ ሚኒስትር የነበሩት ንጉየን ታን ዱንግ የሚጠሩበት ስም ይህ ነው። ድምፁ ወረድ ሲል «መጠቀም» የሚል ግሥ ይሆናል። መነሻው ፊደል መሃሉ ላይ ሰረዝ ኖሮት እንደ እኛ «ደ» ሲነበብና ድምፁ ወደ ላይ ሲወጣ ደግሞ «ትክክል» ማለት ይሆናል።

ይህን ለመረዳት ከአማርኛ ተናጋሪ የቀረበ ሰው ሊኖር አይገባም ነበር። «ገና» ሲጠብቅ በዓል ነው፤ ሲላላ ጊዜው አልደረሰም ማለት ነው፤ ማንም ሐበሻ ሁለቱን አያምታታም። ልዩነቱ የእኛ ፊደል መጥበቁን ለአንባቢ መተዉ፣ የእነሱ ግን ቃናውን በግልጽ መጻፉ ነው።

ጉዳዩ የአነባበብ ቅንጦት ነው ለሚሉኝ አንድ ገጠመኝ ልንገራቸው። ሁለት ሰዎች ነበሩን፤ አንዱ ወንድ አንዷ ሴት፣ የልደት ዓመታቸው አንድ፣ የሁለቱም ስም ስክሪኑ ላይ ንጉየን ዱንግ። የእሱ ስም ጀግንነት ነው፤ የእሷ መልክ። ምልክቱ ቢኖር ኖሮ የቬትናምኛ አስተርጓሚያችን በአንድ እይታ ትለያቸው ነበር። ምልክቱ ስላልነበረ ለጡት ምርመራ የተጻፈው የቀጠሮ ደብዳቤ ወደ ሰውዬው ቤት ሄደ። እሳቸው ደብዳቤውን በጥንቃቄ አጥፈው ይዘው መጥተው መስኮቱ ላይ አስቀመጡልኝ፤ ምንም አልተናገሩም። የሴትዮዋ ምርመራ ግን በስድስት ሳምንት ዘገየ።

«መጨረሻ ላይ የተጻፈው የቤተሰብ ስም ነው።» የተገላቢጦሽ ነው። የቤተሰብ ስም ይቀድማል፣ መካከለኛው ይከተላል፣ ሰው የሚጠራበት የራሱ ስም መጨረሻ ላይ ይመጣል። በአክብሮት ሲጠራም በዚሁ በራሱ ስም ነው፤ ፈረንሳዮችን በዲየን ቢየን ፉው ጦርነት ያሸነፉት ቬትናማዊው ጄኔራል ቮ ንጉየን ጂያፕ በዓለም ሁሉ ጄኔራል ጂያፕ የተባሉት በዚህ ምክንያት ነው። እንደ ጋሼና እትዬ ያሉ የዝምድና ቃላት ከስሙ ይቀድማሉ፤ ስለዚህ ሰውዬውን «አን ዙንግ» ማለት «ወንድም ጋሼ ዙንግ» እንደማለት ነው። ጉልህ ሆኖ የሚታየው ልዩ ሁኔታ ሆ ቺ ሚን ናቸው፤ ሕዝቡ «ባክ ሆ» ይላቸዋል፣ አጎት ሆ ማለት ነው፤ «ሆ» ግን ለትግል ካወጡት ስም የመጣ እንጂ የቤተሰባቸው ስም አልነበረም። ሲወለዱ ንጉየን ሲን ኩንግ ነበሩ።

«ንጉየኖች ሁሉ ዘመዳሞች ናቸው።» ከአሥር ቬትናማውያን ወደ አራት የሚጠጉት ንጉየን ናቸው፤ ዝምድናው ይህን ያህል ከሰፋ ዝምድና መሆኑ ቀርቷል። እ.ኤ.አ. በ1232 የትራን ሥርወ መንግሥት ከዙፋን የወረደውን የሊ ዘር ንጉየን ተብሎ እንዲጠራ አስገድዶታል፤ ከ1802 እስከ 1945 የነገሡት የመጨረሻዎቹ ነገሥታትም ንጉየን ነበሩ። በጥበቃ ክፍል ውስጥ «ሚስተር ንጉየን» ብሎ የሚጣራ ነርስ አምስት ሰው ቢነሳበት ሊገርመው አይገባም።

«ቲ የሷ ስም ነው።» ቲ በሴት ስም መካከል የሚገባ፣ ሴትነትን የሚያመለክት የቆየ ቃል ነው፤ የወንዱ አቻ «ቫን» ነው። ዛሬ ብዙ ወጣት ወላጆች ሁለቱንም ይተዋሉ። እኛ ዘንድ ግን «ቲ» ተብለው የተመዘገቡ ሴቶች አሁንም አሉ።

«በአያቱ ስም ተሰይሞ ይሆናል።» በልማዳቸው የአያትን ስም ለልጅ ማውጣት ማክበር ሳይሆን መድፈር ነው፤ ልጁን በተቆጡ ቁጥር የአያቱን ስም ይጠሩ ነበርና። የገዥዎችን ስም መጥራትም እንዲሁ ነውር ስለነበረ፣ ንጉየን ሆዋንግ በተባለው መስፍን ምክንያት በደቡብ የሆዋንግ ቤተሰብ ስም «ሁዊን» ሆኖ ቀርቷል።

«ሚስቱ በሌላ ስም ስለምትጠራ አልተጋቡም።» ቬትናማዊት ስታገባ የቤተሰብ ስሟን አትለውጥም፤ ይህንን እንኳ ለሐበሻ ማስረዳት አልነበረብኝም።

«ስማቸው ሁሉ ቻይንኛ ነው።» ዳዊት ዕብራይስጥ በሆነበት መጠን።

«ሃይ ማለት ሁለት ስለሆነ ሁለተኛ ልጅ ነው።» በደቡብ ቬትናም ሃይ የሚባለው የበኩር ልጅ ነው።

መዝገብ ላይ ለሚሠራ ሰው የምለው ይህ ነው፦ መጀመሪያ «የሚጠሩበት ስም የትኛው ነው?» ብለው ይጠይቁ፤ ቀጥሎ ወረቀት አቅርበው ስሙን በራሱ እጅ ከነምልክቱ ያስጽፉት። ኮምፒውተሩ ምልክቱን የማይቀበል ከሆነ በማስታወሻው ቦታ «ዱንግ፣ ወንድ፣ ጀግንነት» ወይም «ዱንግ፣ ሴት፣ መልክ» ብለው ያስቀምጡ። እኔ ከደብዳቤው በኋላ እንዲህ አደርጋለሁ፤ ሥራው ከግማሽ ደቂቃ አይበልጥም።