ክሎክ ስፕሪንግ ምንድን ነው? (ስፕሪንግ አይደለም)

ባለፈው ሳምንት አንድ ደንበኛዬ በቴሌግራም ቪዲዮ ላከልኝ። አንድ ወጣት ኮንዶሚኒየም ግቢ ውስጥ መኪናው ላይ ተቀምጦ መሪውን ፈትቷል። መሪው ጭኑ ላይ ነው። ከመሪው ኋላ ያለችውን ጥቁር ክብ ፕላስቲክ እየነካካ ያስረዳል። «ይቺ ክሎክ ስፕሪንግ ትባላለች። ስሟ እንደሚነግራችሁ ስፕሪንግ ናት። መሪያችሁን ጠምዝዛችሁ ስትለቁት አልመለስ ካላችሁ እሷ ላልታለች ማለት ነው። እንደ ሰዓት ትሞሏታላችሁ።» ከዚያ በጣቱ ያሽከረክራት ጀመር። አንድ፣ ሁለት። ሦስተኛው ላይ ጠንከር አለችበት። ገፋ አደረጋት። ቀጭ አለች። ሙዚቃ ከፍቶ ስለነበር አልሰማትም። እኔ ሰምቻታለሁ።

ደንበኛዬ ከቪዲዮው ስር «እኔም ቤት ልሞክረው?» ብሎ ጽፏል።

የመኪና ኤሌክትሪክ ሠራተኛ ነኝ። ኤርባግ ምን እንደሆነ፣ መሪ በየት በኩል እንደሚፈታ አላወራም፤ ያን ማንም ያሳያችኋል። ይቺን ስም ግን አንዴ በደንብ እንነጋገርባት።

ክሎክ ስፕሪንግ ሽቦ ነው። ጠፍጣፋ፣ እንደ ወረቀት የሳሳ፣ በፕላስቲክ የተለበጠ የመዳብ ሽቦ፣ ክብ ቤት ውስጥ ተጠቅልሎ የተቀመጠ። አንዱ ጫፉ ከማይዞረው ከመኪናው በኩል ይታሰራል፣ ሌላው ጫፉ ከሚዞረው መሪ ጋር። ሥራው መሪው ወደ ግራም ወደ ቀኝም ሲዞር ሳይበጠስ ኤሌክትሪክ ማድረስ ነው። ለክላክስ፣ ለሬዲዮ ቁልፎች፣ ከሁሉም በላይ ለኤርባግ።

ድሮ መሪ ላይ ከክላክስ ሌላ ነገር አልነበረም። ለክላክስ አንድ የብረት ቀለበትና ቀለበቱን እየታከከ የሚሄድ መነካኪያ ብረት ይበቃል። አንዳንዴ ቢዝግና ቢያመልጥ ሁለቴ ትመቱታላችሁ፣ ይጮኻል። ኤርባግን ግን ሁለቴ መምታት የለም። ተጠርቶ በ30 ሚሊሰከንድ አካባቢ ተነፍቶ መጠበቅ አለበት። ስለዚህ «ይነካ ይሆናል» በሚባል ቀለበት አይታመንም፤ ከጫፍ እስከ ጫፍ ያልተቋረጠ ሽቦ ያስፈልገዋል። ክሎክ ስፕሪንግ የመጣው ለዚህ ነው።

ታዲያ «ስፕሪንግ» ከየት መጣ? ከመልኩ። የድሮ የጠረጴዛ ሰዓት ከፍታችሁ ካያችሁ ውስጡ የተጠቀለለ የብረት ቅጠል አለ። ሰዓት ስትሞሉ የምታጠብቁት እሱን ነው። የኛውም ሲከፈት እንደዚያ ተጠቅልሎ ስለሚታይ ስሙን ወረሰ። የሰዓቱ ግን ጉልበት ያጠራቅማል። የመሪው ምንም አያጠራቅምም። ብትጠመዝዙት አይገፋችሁም፣ ብትለቁት አይመለስም። ቶዮታ በጥገና መጽሐፉ ላይ «ስፓይራል ኬብል» ይለዋል፤ ጥምዝ ገመድ እንደማለት ነው። ሁላችንም እንደዚያ ብንለው ኖሮ እኔም ዛሬ አርፌ ሻዬን እጠጣ ነበር።

መሪውን ወደ መሃል የሚመልሰው ጎማው ነው። የፊት ጎማ የሚዞርበት ዘንግ ቀጥ ብሎ አይቆምም፤ አናቱ ትንሽ ወደ ኋላ ያዘነብላል። በዚህ የተነሳ መኪናው ሲሄድ ጎማው ራሱ ቀጥ ማለት ይፈልጋል፣ መሪውንም ይዞ ይመለሳል። መሪያችሁ አልመለስ ካለ የጎማ ንፋስ እዩ፣ የታች መጋጠሚያዎች ደርቀው እንደሆነ እዩ፣ አላይመንት አስለኩ። ክሎክ ስፕሪንጉ ከጉዳዩ የለበትም። ተበጥሶ እንኳ መሪው እንደ ድሮው ይመለሳል። የቪዲዮው ልጅ «ሞልቼው ተስተካከለ» ቢላችሁ አትመኑት፤ ሁለቱ ነገሮች ቀድሞም አይገናኙም።

አሁን ወደ ዋናው ነገር። ክሎክ ስፕሪንግ የሚያስፈልገው መሃል መሆን ነው። መጥበቅም መላላትም አይደለም። ይሄን ለተለማማጆቼ የማስረዳው በጥጃ ነው።

ጥጃ በገመድ ችካል ላይ ታስሯል እንበል። በቀኝ በኩል ሲዞር ገመዱ ችካሉ ላይ ይጠመጠማል፣ ያጥራል። መልሶ በግራ ሲዞር ይፈታል፣ አልፎም በሌላው በኩል ይጠመጠማል። ጥጃው ወዲህም ወዲያም እኩል እንዲዞር ከፈለጋችሁ ስታስሩት ገመዱ በየትኛውም ወገን ያልተጠመጠመ መሆን አለበት። ጥጃው መሪው ነው። ችካሉ መኪናው ነው። ገመዱ ክሎክ ስፕሪንግ።

አሁን ጥጃውን ፈታችሁ። ገመዱን ልጆች ይዘው ችካሉን ሁለት ዙር ዞሩበት። እናንተ ሳታዩ ጥጃውን መልሳችሁ አሰራችሁ። ጥጃው ቆሟል፣ ሣር ይበላል፣ ምንም የጎደለ አይመስልም። ሁለት ዙር ወደዚያው አቅጣጫ የሄደ ቀን ግን ይታነቃል። ልዩነቱ ጥጃ ሲጨንቀው ይጮኻል። ሽቦው ዝም ብሎ ይበጠሳል። (ምሳሌው ሙሉ አይደለም፣ አውቃለሁ። የጥጃ ገመድ ሲላላ መሬት ላይ ይተኛል እንጂ ምንም አይሆንም። ሪባኑ (ጠፍጣፋው ሽቦ) ግን ከልክ በላይ ሲላላም ተገልብጦ ይታጠፍና እጥፋቱ ላይ ይሰበራል። በሁለቱም በኩል ይሞታል።)

በቁጥር እንየው። በብዙ ቶዮታዎች ላይ ሽቦው ከመሃል ወደ ግራ ሁለት ተኩል ዙር፣ ወደ ቀኝም ሁለት ተኩል ዙር ይሄዳል። መሪው ራሱ ደግሞ ከጥግ እስከ ጥግ ሦስት ዙር ገደማ ነው፤ ከመሃል ወደ እያንዳንዱ ጥግ አንድ ተኩል። ስለዚህ በየወገኑ አንድ ዙር ትርፍ አላችሁ። ስትገጥሙ አንድ ዙር ብትሳሳቱ ትርፉን በልታችሁታል፤ መሪው ጥግ ሲደርስ ሽቦውም ጥጉ ላይ ነው። ሁለት ዙር ከተሳሳታችሁ በአንዱ በኩል የቀራችሁ ግማሽ ዙር ብቻ ነው።

«እኔ ፈትቼ ገጠምኩት፣ አንድ ሳምንት ሠርቷል፣ ስለዚህ በኔ አይደለም የተበላሸው» የሚባለው ክርክር መልሱ እዚህ አለ። ቀጥ ያለ አስፋልት ላይ መሪ ግማሽ ዙር እንኳ አይሞላም። ሽቦው የሚበጠሰው እስከ ጥግ የጠመዘዛችሁ ቀን ነው። ጠባብ ቦታ ላይ ስታቆሙ። ሰፈር ውስጥ ስትዞሩ። ያኔ «በራሱ ጊዜ ተበላሸ» ትላላችሁ።

በቅርቡ አንድ አዛውንት ቪትዛቸውን ይዘው መጡ። ክላክስ የለም፣ የኤርባግ መብራት አይጠፋም።

«ጋሼ፣ መሪው ተፈቶ ነበር?»

«ኧረ ማንም አልነካውም! ከታች ነው ያሠራሁት፣ ስቲሪንግ ራኩን።»

እውነታቸውን ነው፣ መሪውን ማንም አልፈታውም። ራኩ (የመሪውን ዙር ወደ ጎማዎቹ የሚያደርሰው ከታች ያለ ክፍል) ሲወርድ ግን ከመሪው የሚወርደው ዘንግ ከታች ይለቀቃል። ያኔ መሪው የሚያስቆመው ጥግ የለውም፤ አየር ላይ ያለ ነገር ነው። አንዱ ሲገባ ይገፋዋል፣ ሌላው ሲወጣ ተደግፎት ይነሳል። ስከፍተው ሪባኑ እንደ ተቀደደ የስጦታ ወረቀት ተጨማዶ ወጣ። እሱን ለማዳን ምንም መሣሪያ አያስፈልግም ነበር። ሥራው ሳይጀመር ጎማውን ቀጥ አድርጎ፣ የደህንነት ቀበቶውን በመሪው ቀዳዳ አሳልፎ መቆለፍ። መሪው እዚያው ታስሮ ይቆያል። ጥጃው ዝም ብሎ እንዳይዞር እንደመያዝ ነው። (ጥጃውን እዚህ ላይ እለቀዋለሁ።)

መብራቷ ላይ አንድ ነገር ልበል፣ ያናድደኛልና። የኤርባግ መብራት በራች ማለት ኮምፒውተሩ ስህተት አይቷል ማለት ነው፤ በአደጋ ጊዜ ኤርባጉ ላይከፈት ይችላል። ይሄን ሲነገራቸው አምፖሏን ከዳሽቦርድ የሚያወጡ አሉ። ከዚህ የከፋም አለ፦ የኤርባጉን ሶኬት ነቅሎ በምትኩ ሁለት ኦም ገደማ የሆነ ሬዚስተር (ኤሌክትሪክ የሚገድብ ትንሽ ዕቃ) መሰካት። ኮምፒውተሩ ኤርባጉ ያለ ይመስለዋል፣ መብራቱም ይጠፋል። ያገለገለ መኪና ስትገዙ ቁልፍ ስትከፍቱ መብራቷ በርታ ከጥቂት ሰከንድ በኋላ መጥፋቷን እዩ። ጭራሽ ካልበራች አምፖሏ ወጥቷል ወይ ተቃጥሏል። ሬዚስተሩን ግን መሪው ሳይከፈት አታገኙትም፤ እኔ ሦስት ጊዜ አግኝቼዋለሁ።

ወደ ደንበኛዬ ጥያቄ። ቤት ይፈታል ወይ? ኤርባግ የሌለው መሪ፣ አዎ፣ ይፈታል። ኤርባግ ያለው ሲሆን «ባትሪ ነቅያለሁ» ብቻውን አይበቃም። የኤርባጉ ኮምፒውተር ውስጥ ኤሌክትሪክ የሚያጠራቅም ካፓሲተር አለ፤ በግጭት ባትሪው ቢቆረጥ እንኳ ኤርባጉን እንዲያፈነዳ ታስቦ የተሠራ። ስለዚህ ቁልፉን ዘግታችሁ፣ የባትሪውን ኔጌቲቭ ነቅላችሁ ትጠብቃላችሁ። ቶዮታ ቢያንስ 90 ሰከንድ ይላል፣ ሆንዳ 3 ደቂቃ። እኔ ሲጋራ አላጨስም እንጂ አንድ ሲጋራ የሚያስጨስ ጊዜ እሰጠዋለሁ። ቢጫ ሶኬት ሁሉ የኤርባግ ነው ብላችሁ ያዙ። ኤርባጉን በኦም መለኪያ አትለኩት፤ መለኪያው ራሱ ኤሌክትሪክ ይልካል። ሲወጣ ፊቱን ወደ ላይ አድርጋችሁ አስቀምጡት። ተደፍቶ ከፈነዳ ብረቱ እንደ ሮኬት ነው የሚነሳው።

መሪው በቡጢ ሲመታ አልወጣ ካለ ፑለር (ስቦ የሚያወጣ መሣሪያ) ፈልጉ፣ መዶሻ አይደለም። መሪውን የያዘውን ዳዶ ደግሞ ሙሉ በሙሉ አታውጡት። ጥቂት ጥርስ ላይ ተዉት፤ መሪው ድንገት ሲለቅ ዳዶው ይይዘዋል። አለዚያ ጥርሳችሁ ነው የሚይዘው። ዘንጉና መሪው ላይ ሳትነቅሉ ምልክት አድርጉ።

ማንም ሳይጠይቀኝ ሁለት ነገር ልጨምር። ያገለገለ ኤርባግ ከሶማሌ ተራ አትግዙ። የታካታን ነገር ሰምታችሁ ይሆናል፤ የጃፓን ኩባንያ ነበር፣ በ2017 ለኪሳራ ጥበቃ አመለከተ። ኤርባጎቹን የሚነፋው አሞኒየም ናይትሬት በሙቀትና በእርጥበት ከዓመታት በኋላ ይበላሽና የብረት ቆርቆሮውን ፈንድቶ ይበትነዋል። በዓለም ዙሪያ ወደ 100 ሚሊዮን ገደማ እንዲቀየር ተጠርቷል፣ ቶዮታና ሆንዳም አሉበት። ከሰው መኪና የወጣው ኤርባግ ከነዚያ አንዱ መሆን አለመሆኑን ሻጩ አይነግራችሁም።

ሁለተኛ፣ አዳዲሶቹ መኪኖች ላይ መሪው ስንት ዲግሪ እንደዞረ የሚያነብ ሴንሰር እዚያው አካባቢ አለ፤ አንዳንዱ ላይ ከክሎክ ስፕሪንጉ ጋር አንድ ላይ ነው። እሱ ከተቀየረ በኮምፒውተር ዜሮ ይደረጋል። ከ2024 ወዲህ የነዳጅ የቤት መኪና ማስገባት ስለተከለከለ ወደ ጋራዣችን የሚመጣው ወይ ያረጀ ቪትዝ ነው ወይ የቻይና ኤሌክትሪክ መኪና። ኤሌክትሪኩም ላይ ክሎክ ስፕሪንግ አለ፣ ኤርባጉም በዚያው በ12 ቮልት ነው የሚሠራው። ብርቱካናማ ሽቦ (ከፍተኛ ቮልት የሚሸከመው) ካያችሁ ግን እጃችሁን ሰብስቡ፤ እሱ የሌላ ሰው ሥራ ነው።

ክሎክ ስፕሪንጉን መሃል ማድረግ እንዲህ ነው። የፊት ጎማዎች ቀጥ ብለው ይቁሙ። ክሎክ ስፕሪንጉን በእጃችሁ ቀስ አድርጋችሁ ወደ ግራ አዙሩት። ጠንከር ሲል አቁሙ፤ እዚያ ላይ ነው ልጁ ገፋ ያደረገው። ከዚያ ወደ ቀኝ ሁለት ተኩል ዙር መልሱ፣ ክሎክ ስፕሪንጉ ላይ ያሉት ምልክቶች ፊት ለፊት ይገናኛሉ። ይሄ የብዙ ቶዮታዎች ቁጥር ነው፤ የሌላውን ከራሱ መጽሐፍ እዩ። ከዚያ መሪው ይገጠማል፣ ዳዶው በብዙ ቶዮታዎች ላይ በ50 ኒውተን ሜትር ይጠብቃል። ጀርባው ላይ ያሉት ጥርሶች በትክክል ካልገቡ ፍሬቻው ከታጠፋችሁ በኋላ ራሱን አያጠፋም፤ ያኔ መልሳችሁ ክፈቱት።

አዲስ ከገዛችሁ ደግሞ ከፋብሪካው መሃል ሆኖ፣ እንዳይዞር በቴፕ ወይም በፒን ተይዞ ነው የሚመጣው። ሰዎች ከካርቶኑ እንዳወጡት መጀመሪያ የሚላጡት ያንን ቴፕ ነው። ተዉት። ቤቱ ቦታው ላይ በቡሎን ታስሮ፣ መሪው ሊገባ ሲል ነው የሚላጠው።