ክሊሜኒድ ምንድን ነው? የናውቲለስ የቅርብ ዘመድ ግን አይደለም

«ክሊሜኒዶች ቧንቧቸው ወደ ውስጥ ስለሆነ አሞኖይድ አይባሉም፤ ለናውቲለስ ይቀርባሉ» የሚል አስተያየት ሰሞኑን እንደገና አነበብኩ። ዝም ብዬ ማለፍ አልቻልኩም። አሞኖይዶች ከምድር የጠፉ፣ ባለ ጥምዝምዝ ቅርፊት የባሕር እንስሳት ናቸው፤ ክሊሜኒዶች ከእነሱ አንዱ ወገን ናቸው። ናውቲለስ ግን ዛሬም በሕይወት ያለ ባለ ቅርፊት የባሕር እንስሳ ነው።

ቅርፊቱን እየተጠማዘዘ እንደሚሠራ ቤት እንየው። ባለቤቱ የሚኖረው በመጨረሻው ክፍል ብቻ ነው፤ ሲያድግ ወደ ፊት ያሰፋና ከኋላው ግድግዳ ያቆማል። በተዘጉት ክፍሎች ሁሉ ሲፈንክል የሚባል ቀጭን ቧንቧ ያልፋል። የሌሎቹ አሞኖይዶች ቧንቧ በመንገድ በኩል፣ ማለትም በጥምዝምዙ ውጫዊ ጠርዝ ይሄዳል። የክሊሜኒዶች ግን በጓሮ በኩል፣ ማለትም በውስጠኛው ጠርዝ ነው። የናውቲለስስ? መሀል ለመሀል ገደማ። ስለዚህ ማስረጃ ተብሎ የቀረበው መመሳሰል ራሱ የለም። ደግሞስ ቧንቧው በጓሮ የገባ ቤት የሌላ ቤተሰብ ይሆናል? ዝምድናን የምትናገረው መጀመሪያ የተሠራችው ክፍል ናት፤ የክሊሜኒዶች ደግሞ እንደ ሌሎቹ አሞኖይዶች ጥቃቅንና ድቡልቡል ናት። የዘር ሐረጋቸውም የሚመዘዘው ጎኒያታይት ከሚባሉ ሌሎች አሞኖይዶች ነው። (ምሳሌው እዚህ ላይ ይሰናከላል፦ የእኛ ቧንቧ ውሃ ያስገባል፤ ሲፈንክል ግን ውሃውን ከክፍሎቹ አውጥቶ ቅርፊቱ እንዲንሳፈፍ ያደርጋል።) ቤቱን በሦስት ማዕዘን የሠሩም ነበሩ፤ ቮክሉሜሪያ የምትባለውን ክሊሜኒድ ያየ አይረሳትም።

ክሊሜኒዶች የታዩት ዴቮኒያን በሚባለው የምድር ዘመን ማብቂያ፣ ፋሜኒያን በተባለው የመጨረሻ ክፍሉ ነው። የሃንገንበርግ ክስተት በሚባለው የጅምላ መጥፋት ቀውስ ክፉኛ ተመቱ፤ ጥቂቶች ለአጭር ጊዜ ቢተርፉም ከ359 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት ቀጣዩ ዘመን ካርቦኒፌረስ ሲገባ አንዳቸውም አልነበሩም። የአገራችን የአንጣሎ ኖራ ድንጋይ አሞናይቶች (ኋላ የመጡ የአሞኖይድ ወገኖች) የጁራሲክ ዘመን ናቸው፤ በእነሱና በክሊሜኒዶች መካከል ወደ 200 ሚሊዮን ዓመት አለ። «የኢትዮጵያ ክሊሜኒድ» ተብሎ የተለጠፈ የአንጣሎ ፎቶ ካያችሁ አትመኑት።

ቅሪታቸው በጀርመን የራይን ተራሮች፣ በፖላንድ ቅዱስ መስቀል ተራሮች፣ በሞሮኮ አንቲ አትላስ፣ በኡራል፣ በደቡብ ቻይናና በምዕራብ አውስትራሊያ ይገኛል። ነጥቦቹን በዛሬ ካርታ አይቶ «የት ይኖሩ ነበር» ብሎ መደምደም ግን ሌላው ስሕተት ነው። ያኔ አህጉሮቹ ሌላ ነበሩ፤ ጀርመን ላውሩሲያ በሚባለው ጥንታዊ አህጉር ጠርዝ፣ ሞሮኮ ጎንድዋና በሚባለው ጠርዝ ነበሩ። በዚያ ላይ ባዶ ቅርፊት ባለቤቱ ከሞተ በኋላም በማዕበል ሊወሰድ ይችላል።

በሞሮኮዋ ከተማ ኤርፉድ ተወልውሎ የሚሸጥ ጥቁር ድንጋይ ከገዛችሁም ሻጩ ለሁሉም «አሞናይት» ብሏችሁ ይሆናል። ልክ በመሀሉ ተቆርጦ እንደሆነ እዩና ቧንቧውን ፈልጉ፤ በጓሮ በኩል ከሆነ ክሊሜኒድ ነው፣ በመንገድ በኩል ከሆነ ሌላ አሞኖይድ። ቁርጡ ትንሽ ወደ ጎን ካፈነገጠ ቧንቧው ጨርሶ ላይታይ ይችላል፤ ያን ጊዜ የክፍል ግድግዳዎቹ ከቅርፊቱ ጋር የተጋጠሙበትን የስፌት መስመር ሳያዩ ስም መስጠት ግምት ነው።