«ሁለተኛውን ምዕራፍ ሂድ»፦ ስንት ኪሎ ሜትር ነው?

የበጀት ዓመቱ ሊዘጋ ሁለት ሳምንት ሲቀረው አለቃችን ሰበሰበን። ሪፖርቱ አልደረሰም። ቅዳሜም ግቡ ሊለን እንደሆነ ገብቶናል። ግን እንዲሁ በደረቁ «ግቡ» አላለንም። ጉሮሮውን ጠረገና «መጽሐፉ እንኳ አንድ ምዕራፍ ሂድ ቢሉህ ሁለት ሂድ ይላል» አለን። እኛም ራሳችንን ነቀነቅን። ለጥቅስ ራስ መነቅነቅ ልማዳችን ነው።

አጠገቤ የተቀመጠችው ልጅ ከዩኒቨርሲቲ ከወጣች ዓመት አልሞላትም። ጠጋ ብላ በሹክሹክታ «የኔ ድርሻ ምዕራፍ ሦስት ብቻ አልነበረም እንዴ? አራትንም ጻፊ ማለቱ ነው?» አለችኝ።

ሳቄን እንደምንም ዋጥኩት። ሪፖርታችን እኮ እውነትም አምስት ምዕራፍ አለው። ልጅቷ ከተማ ነው ያደገችው። ምዕራፍ ስትባል መጽሐፍና ተከታታይ ድራማ ነው የሚታያት። ምዕራፍ ሁለት፣ ክፍል አሥራ አራት። ምን ይፈረድባታል?

አለቃችን ግን ይፈረድበታል። እሱ ላይ ከመድረሴ በፊት ግን ቃሉን ትንሽ ላሽሞንሙነው፤ ስለምወደው ነው።

ምዕራፍ «ዐረፈ» ከሚለው የወጣ ነው። ፀሐይ የምትሠርቅበት ምሥራቅ፣ የምትገባበት ምዕራብ እንደተባለ ሁሉ፣ የሚታረፍበት ደግሞ ምዕራፍ ተባለ። የድካም ማውረጃ ቦታ ነው። ማኅሌት ቆሞ ያደገ ሰው ደግሞ ከድጓና ከጾመ ድጓ ጋር የሚቆጠረው የዜማ መጽሐፍ ይታየዋል፤ እሱም ስሙ ምዕራፍ ነው። «ዐረፈ» መቼም የማይገባበት የለም። የሞተም ዐረፈ ይባላል፣ የሚረብሽ ልጅም «አርፈህ ተቀመጥ» ይባላል። ከእናቴ የሰማሁት አብዛኛው «ዕረፍት» የዚህ የኋለኛው ዓይነት ነበር።

ታዲያ ማረፊያ እንዴት የርቀት መለኪያ ሆነ? ይሄንን መዝገበ ቃላት ሳልገልጥ ነው የማውቀው። በእግሬ ነው የተማርኩት።

ልጅ ሆኜ ክረምት የማሳልፈው ከቢቸና ወጣ ብሎ አያቴ ጋ ነበር። አባባ ገበያ ሲሄዱ እከተላቸዋለሁ። አህያዋ ጤፍ በስልቻ ትጫናለች፣ አባባ መጫኛውን ጉልበታቸውን ሆዷ ላይ አድርገው ይስባሉ፣ እኔ ደግሞ ዶሮ እግሯን ታስራ ቁልቁል ተሰጥታኝ እይዛለሁ። ዶሮዋ እስከ መጀመሪያው ወንዝ ትጮኻለች። ከዚያ በኋላ ተስፋ ትቆርጣለች።

«አባባ፣ ስንት ቀረን?»

«ሁለት ማረፊያ ነው ልጄ።»

ሰዓት አይሉም፤ ኪሎ ሜትርማ ጭራሽ። ከቤት እስከ ገበያ አምስት ማረፊያ ነበር። ስማቸውን ዛሬም አልረሳሁም። ዋርካዋ፣ ወንዙ፣ የዳገቱ ወገብ፣ የዳገቱ ራስ፣ ከዚያ የቤተ ክርስቲያኑ አጥር ጥግ። በዳገቱ ወገብና በራሱ መካከል ያለው መንገድ ድንጋይ ብትወረውር ሊደርስ ምንም አይቀረው። ከዳገቱ ራስ እስከ አጥሩ ግን ሜዳ ነው፣ ያን ያህል አራት እጥፍ ይሆናል። አባባ ሁለቱንም «አንድ ማረፊያ» ነበር የሚሏቸው።

ዳገቱ ወገብ ላይ ድንጋይ አለ። ቁመቱ ከሰው ወገብ ትንሽ ይበልጣል፣ ላዩ ጠፍጣፋ ነው። ውኃ ቀድታ የምትመለስ ሴት ጀርባዋን ሰጥታ ትጠጋዋለች፣ እንስራዋን ከጀርባዋ ሳትፈታ ክብደቱን ብቻ ድንጋዩ ላይ ታሳርፋለች። ቁጢጥ ብትል የሚያነሳት ሰው ያስፈልጋታላ። ድንጋዩ ከብዙ ጀርባ ብዛት ጫፉ ለስልሶ እንደ ዘይት ያበራ ነበር። ማን እንዳቆመው የሚያውቅ የለም። ማንም ይሁን፣ ሸክም የሚያውቅ ሰው ነው። ትከሻ «በቃኝ» የሚልበትን ቦታ በስንዝር ሳይስት ነው ያገኘው።

አሁን ዋናው ነገር መጣ። ጤፉ ተሸጦ፣ አህያዋ ባዶ ሆና ስንመለስ ያው መንገድ ሁለት ማረፊያ ይሆናል። ዳገቱ ራስ ላይ አንዴ ቁጭ፣ ወንዙ ዳር አንዴ ቁጭ፣ ከዚያ ቤት። ስንሄድ አምስት፣ ስንመለስ ሁለት። መንገዱ አልተነካም። ጉግል ማፕ ቢጠየቅ ወዲያም ወዲህም ያው ነው የሚለው። አባባ ግን መንገዱን ብቻ አይለኩም፤ ከነሸክሙ ነው የሚለኩት።

አባባ ያረፉ ጊዜ ደግሞ ሌላ ተማርኩ። ቤተ ክርስቲያኑ ከቤታቸው ሩቅ አይደለም፣ በደህና ቀን አንድ ማረፊያ እንኳ አይሞላም። ያን ቀን ግን አስከሬኑ ሰባት ጊዜ አረፈ። ካህናቱ በየቦታው እያስቆሙ ፍትሐት ይደግማሉ፣ ለቅሶው ያገረሻል፣ ተሸካሚ ይለዋወጣል፣ እንደገና ይነሳል። ሥርዓቱ ሰባት ይላል። እኔ ግን በልጅ ጭንቅላቴ «ከበዷቸው ማለት ነው» አልኩ። ያ ግምቴ ስሕተት ነው ብላችሁ ብታስረዱኝም ዛሬም አልለቀውም።

ወደ መጽሐፉ ልመለስ። በ1954 ዓ.ም. የታተመው የአማርኛ መጽሐፍ ቅዱስ ኤማሁስን ከኢየሩሳሌም «ስድሳ ምዕራፍ ያህል» ያርቃታል። ቢታንያን ደግሞ «አሥራ አምስት ምዕራፍ»። እነዚህ አዲስ ኪዳን መጀመሪያ በተጻፈበት በግሪኩ ስታዲዮን የሚባል የርቀት መለኪያ ናቸው፤ አንዱ 185 ሜትር ገደማ። ስለዚህ ኤማሁስ 11 ኪሎ ሜትር አካባቢ ናት፣ ቢታንያ ሦስትም አትሞላ። እስከዚህ ሰላም ነው። የእኛ አባባል የወጣባት የማቴዎስ 5፥41 ግን እንዲህ ትላለች፦ «ማንም ሰው አንድ ምዕራፍ ትሄድ ዘንድ ቢያስገድድህ ሁለተኛውን ከእርሱ ጋር ሂድ።» እዚህ ጋ ግሪኩ የሚለው የሮማውያንን ማይል ነው። አንድ ሺህ ድርብ እርምጃ፣ ወደ 1,480 ሜትር። የስታዲዮን ስምንት እጥፍ።

አያችሁ? አንዲት ምዕራፍ በአንድ መጽሐፍ ውስጥ አንዴ 185 ሜትር፣ አንዴ 1,480 ሜትር ሆነች። የተማረ ሰው ይሄን ሲያይ «ተርጓሚዎቹ ተዘናግተዋል» ይላል። እኔ ግን ከአባባ ጋር ገበያ የሄድኩ ሰው ነኝ። ዳገቱ ወገብና አጥሩ ጥግ ትዝ ይሉኛል። ተርጓሚዎቹም ሆኑ ከነሱ በፊት የነበሩት ሊቃውንት ምዕራፍ እንደምትሳብና እንደምታጥር ያውቁ ነበር ባይ ነኝ። መንገዱ በእግር የሚሄድ ሰው መንገድ ነው፤ የሚለካውም በሄደው ሰው ነው።

እንዲያውም ልጨምር። የመጽሐፍ ምዕራፍም ከመንገድ የመጣ ይመስለኛል። ድሮ መጽሐፍ የሚያነብ ማን ነበር? የቆሎ ተማሪ ነዋ! ደበሎውን ለብሶ፣ አኮፋዳውን አንግቶ፣ ውሻ እያባረረው ከአንዱ ደብር ወደ ሌላው የሚሻገር ልጅ። አንዱ ጋ ዜማ፣ ሌላው ጋ ቅኔ፣ ሌላው ጋ ትርጓሜ እያለ አገሩን በእግሩ ያዳርሳል። ይሄ ልጅ አድጎ መምህር ሲሆን፣ ንባቡ ጋብ የሚልበትን፣ ምላስ የሚያርፍበትን ቦታ ምን ብሎ ይጥራው? ያው በሚያውቀው ስም ነዋ። ማስረጃ አምጣ ካላችሁኝ የማሳያችሁ ተረከዜን ነው።

አሁን አባባሉ ላይ እንምጣ። «ቢያስገድድህ» የሚለው ቃል ቀላል አይደለም። የግሪኩ ግስ የፋርስ ነገሥታት መልእክተኞች መንገድ ላይ ያገኙትን ሰውና ከብት ለመንግሥት ሥራ ከሚይዙበት ልማድ ጋር የተያያዘ ነው። ቀሬናዊው ስምዖን መስቀሉን እንዲሸከም «አስገደዱት» ሲባልም ግሱ ያው ነው። የሮማ ወታደር መጥቶ «ና ተሸከም» ቢል እምቢ የለም።

ያገራችን ገበሬ ይሄን ለመረዳት አስተርጓሚ አላስፈለገውም። ገባር በነበረበት ዘመን ከግብሩ ሌላ የጌታውን እህልና ዕቃ ተሸክሞ ማድረስም ግዴታው ነበር። ቅዳሴ ላይ ወንጌሉ ሲነበብ «አንድ ምዕራፍ ቢያስገድድህ» ሲሉት፣ ሰሞኑን ያደረሰው ሸክም ገና ከትከሻው ላይ አልበረደም።

ግን ገበሬው ሌላም ነገር ያውቃል። ሽኝት ያውቃል።

እንግዳ አባባ ቤት አድሮ ጠዋት ሲነሳ በር ላይ «ደህና ግባ» ብሎ መመለስ ነውር ነው። እስከ ዋርካዋ ድረስ ይኬዳል። ይሄ ወግ ነው፣ ካልሄድክ ታማለህ፤ እንግዲህ እሱም ግዴታ ነው። ዋርካዋ ጋ እንግዳው «በል በቃህ ተመለስ» ይላል። «እዚችው ድረስ ነው» ይላሉ አባባ። «ኧረ በሞቴ!» «አንተ ዝም ብለህ ሂድ።» ብትሩን፣ አንዳንዴም ስልቻውን ይቀበሉታል። እስከ ወንዙ ይወርዳሉ። ከዋርካዋ እስከ ወንዙ ባለው መንገድ ላይ ነበር ዋናው ወሬ የሚወራው። ማታ እሳት ዳር፣ ሰው በተሰበሰበበት ያልተነገረው። የብድሩ ነገር፣ የልጅቷ ጋብቻ ነገር፣ አንዴ ደግሞ ከአንድ እንግዳ ጋር ያለቀሱት ለቅሶ። እኔ ከኋላ ከኋላ እየተከተልኩ ምንም እንዳልሰማሁ ሆኜ ድንጋይ እለቅማለሁ።

የመጀመሪያዋን ምዕራፍ ወግ ነው ያስኬዳቸው። ሁለተኛዋን ራሳቸው ነው የሄዱት። ለዚህ ይመስለኛል ያ ጥቅስ በእኛ ዘንድ ባዕድ ሆኖ የማያውቀው። ከገሊላ ነው የመጣው፣ ግን ወንዙ ዳር ሲደርስ መንገዱን ያውቀዋል።

ዛሬ ታዲያ ምዕራፍ ምን አገኛት? በየስብሰባው «አዲስ ምዕራፍ ከፈትን» ይባላል። ማን አርፎ ነው የምትከፈተው? ፕሮጀክቱ ምዕራፍ አንድ ሳያልቅ ምዕራፍ ሁለት ይመረቃል። ሸክሙ አልወረደ፣ ትከሻ አልተለወጠ፣ ድንጋዩ ጋ የቆመ የለ። ሪባን ብቻ ይቆረጣል። ድራማዎቹ እንኳ ይሻላሉ፤ እነሱ በሁለት ምዕራፍ መካከል ጥቂት ወር ያሳርፉናል።

አለቃችንን ደግሞ ረሳሁት እንዳትሉ። ጥቅሱ የተነገረው ለሚሸከመው ሰው ነው። ወታደሩ ከኪሱ አውጥቶ የሚያነበው ጥቅስ አልነበረም። «ሁለተኛውን ሂድ» ብሎ ያዘዘ አስገዳጅ ካለ፣ ሁለት ምዕራፍ አስገደደ ይባላል እንጂ ሌላ ስም የለውም። ሁለተኛዋ የሂያጁ ናት። ሌላ ሰው ሊጠይቃት አይችልም፤ ከጠየቃት የመጀመሪያዋ ሆነች።

ከስብሰባው ስንወጣ ይሄን ሁሉ ለልጅቷ ነገርኳት። በትዕግሥት ሰማችኝ፣ ዋርካውንም ዶሮዋንም። ከዚያ ስልኳን አውጥታ ጥቅሱን ፈለገችና ደጋግማ አነበበችው።

«‹ከእርሱ ጋር ሂድ› ይላል እኮ» አለችኝ።

እኔ ስንት ዓመት ሳነበው ያቺን «ከእርሱ ጋር» አልፌያት ነበር።

ቅዳሜ ገባን። ምዕራፍ ሦስትም አራትም አለቀ። ወደ አሥር ሰዓት ላይ አንድ ፊርማ ስለጎደለ ወደ አለቃችን ደወልን። ስልኩ ዝግ ነበር።