«ያልተፈቀደ የኤሌክትሪክ አጠቃቀም» ምንድን ነው? ስርቆት ካልሆነስ ቅጣቱ ከየት መጣ?

ሕንድ ውስጥ አንድ ሰው የመኖሪያ ቤቱን ምድር ቤት ዳቦ ቤት አደረገው እንበል። ቆጣሪውን አልነካም። ከምሰሶ ገመድ አልጠለፈም። የመጣለትን ቢል በየወሩ ሳያሳድር ከፍሏል። አንድ ቀን ተቆጣጣሪዎች መጥተው ምድጃውን አይተው፣ ጽፈው ሄዱ። ቀጥሎ የደረሰው ወረቀት ላይ ያለው ገንዘብ ራስ ያዞራል። ምን ሰረቅኩ ብሎ ቢጠይቅ መልሱ «ምንም» ነው። ግን ውሉ የመኖሪያ ቤት ነው፣ እሱ ደግሞ ነግዶበታል።

የሕንድ የ2003 (እ.ኤ.አ.፣ ከዚህ በታች ያሉት ዓመታትም ሁሉ እንዲሁ) የኤሌክትሪክ ሕግ፣ አንቀጽ 126፣ ይህን ያልተፈቀደ አጠቃቀም ይለዋል። እዚህ ውስጥ አምስት ነገሮች ይገባሉ። በሰው ሠራሽ ዘዴ መጠቀም፣ አቅራቢው ባልፈቀደው መንገድ መጠቀም፣ የተነካካ ቆጣሪ፣ ከተፈቀደው ውጭ ለሆነ ዓላማ ማዋል፣ እና መስመሩን ላልተፈቀደለት ቤት ወይም ቦታ መስጠት። ስርቆት ግን ለብቻው አንቀጽ 135 ላይ ነው ያለው፤ እሱ ወንጀል ነው፣ እስከ ሦስት ዓመት ያሳስራል፣ የሚታየውም በልዩ ፍርድ ቤት ነው። 135 «አስበህበት ነው ወይ?» ብሎ ይጠይቃል። 126 ሐሳብህ ግድ አይሰጠውም፣ የሚያየው አጠቃቀምህን ብቻ ነው። ሰዉ ቱግ የሚለው እዚህ ላይ ነው። ሌባ አልተባለም፣ ግን እንደ ሌባ የከፈለ ይመስለዋል።

ሒሳቡ እንዲህ ነው። ለዚያ አገልግሎት የሚመለከተው ታሪፍ ተወስዶ በሁለት ይባዛል። መጀመሪያ አንድ ተኩል እጥፍ ነበር፣ በ2007 ማሻሻያ ነው ሁለት እጥፍ የሆነው። አጠቃቀሙ ከመቼ ጀምሮ እንደሆነ ከታወቀ ለዚያ ጊዜ ሁሉ ይታሰባል፤ ካልታወቀ ከምርመራው ቀን ወደ ኋላ 12 ወር። እናም ዳቦ ጋጋሪው ምድጃውን የገዛው ከሁለት ወር በፊት ቢሆንና ደረሰኙን ቢጥለው ጉድ ፈላ፣ የዓመት ይታሰብበታል ማለት ነው።

ገማቹ ደግሞ ማን ነው? የክልሉ መንግሥት የሰየመው ሹም ነው፣ እሱም የራሱ የአቅራቢው ድርጅት ሠራተኛ ሊሆን ይችላል። እውነቱን ለመናገር እኔ ይሄ አይዋጥልኝም፣ ከሳሹ ቤት የሚበላ ሰው ነው የመጀመሪያውን ዳኝነት የሚሰጠው። ሕጉ ለዚህ ማካካሻ ብሎ ያስቀመጠው ነገር ውሳኔው መጀመሪያ ጊዜያዊ እንዲሆን ነው። ወረቀቱ ይሰጥሃል፣ ተቃውሞህን ታቀርባለህ፣ ትደመጣለህ፣ ወረቀቱ ከደረሰህ በ30 ቀን ውስጥ የመጨረሻው ይወጣል። ብዙ ክርክር የሚነሳውም እዚህ ነው፦ ወረቀቱ በትክክል ደርሷል ወይ? ሰውየው ተሰምቷል ወይ? 12 ወሩ ያለማስረጃ ተለጥፎበት ይሆን?

ከሁሉ የከረረው ክርክር ግን ከውል በላይ ኃይል ስለመሳብ ነው። ኦዲሻ በሚባለው የሕንድ ክልል ውስጥ የአንድ የሩዝ ወፍጮ ውል ከ110 ኪሎ ቮልት አምፔር (የሚሳበው ኃይል መለኪያ ነው) በታች ነበር። በ2009 መርማሪዎች የቆጣሪውን ማኅደር ሲከፍቱ እስከ 142 የደረሰበት ጊዜ ተመዝግቦ አገኙ። ወፍጮው «የተጠቀምኩትን ሁሉ ቆጣሪው ቆጥሯል፣ ከአምስቱ ውስጥ እኔን የሚነካ የለም» አለ። የክልሉ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ተቀበለው። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ግን በ2011 ሻረው፤ ከውል በላይ መሳብም «አቅራቢው ባልፈቀደው መንገድ» ውስጥ ይገባል አለ። ለዚህኛው እንኳ ብዙም አልከራከርም፤ ትራንስፎርመሩ የተተከለው ሰዉ በፈረመው ልክ ስለሆነ አንዱ ሲያበዛ የጎረቤቱ መብራት ይደክማል። ኬረላ የምትባለው ሌላ የሕንድ ክልል ደግሞ በ2014 ደንቧ፣ በዚያው ቤትና በዚያው ታሪፍ የተጨመረ ጭነት በአብዛኛው ያልተፈቀደ እንዳይባል አድርጋ ነበር። በታኅሣሥ 2022 (እ.ኤ.አ.) ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ይህን ድንጋጌ ከአንቀጽ 126 ጋር ይጋጫል ብሎ ጣለው።

ወዴት ይከሰሳል ታዲያ? ተራው የፍትሐ ብሔር ፍርድ ቤት በአንቀጽ 145 ተዘግቷል። የሸማቾች ፍርድ ቤትም በ2013 ውሳኔ ተዘግቷል። የቀረው በ30 ቀን ውስጥ ለይግባኝ ሰሚው አካል ማመልከት ነው፣ ለዚያም ከተገመተው ገንዘብ ግማሹን አስቀድመህ ማስያዝ አለብህ። 2 መቶ ሺህ ሩፒ ከተጠየቅክ፣ «ተበደልኩ» ለማለት ብቻ 1 መቶ ሺህ። ትልቅ ፋብሪካ ይችለዋል፣ ዳቦ ጋጋሪው ግን ከየት አምጥቶ? ይግባኝ ሰሚው ያለው ደግሞ የመጨረሻ ነው፤ ከዚያ በኋላ ያለው መንገድ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 226 ከፍተኛው ፍርድ ቤት ሄዶ አቤት ማለት ነው።

ስለዚህ ጉዳዩ የሚረታው ወይም የሚበላሸው ወረቀቱ ጊዜያዊ በሆነባቸው ቀናት ነው። የምድጃው ደረሰኝ፣ የኪራይ ውሉ፣ ሱቁ የተከፈተበት ፈቃድ፣ ሁሉም ያኔ ነው የሚቀርቡት። ጉዳዩን ለመገላገል ተብሎ «እሺ፣ እከፍላለሁ» ከተባለና የመጨረሻው ውሳኔ በስምምነት ከወጣ ይግባኝ የለም። ዝም ብሎ የተቀመጠም ሰው ውሳኔው ከተሰጠ 30 ቀን ካለፈ በኋላ በዓመት 16 በመቶ ወለድ ይታሰብበታል፣ በየስድስት ወሩ በራሱ ላይ እየተደመረ።