ራሞን ቫልዴስ፦ የቻቮ ጎረቤት ዶን ራሞን

ራሞን ቫልዴስ የሜክሲኮ የፊልምና የቴሌቪዥን ኮሜዲያን ነበር። በላቲን አሜሪካ ብዙ ሰው የሚያውቀው ዶን ራሞን ብሎ ነው፤ ቻቮ ስለሚባል የሙት ልጅ በሚተርከው በኤል ቻቮ ዴል ኦቾ የቴሌቪዥን ኮሜዲ ተከታታይ ውስጥ የቤት ኪራይ የማይከፍለው ያ ቀጭን፣ ባርኔጣ የማይለየው ሰውዬ።

በ1923 ሜክሲኮ ሲቲ ተወለደ (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ያደገው የአሜሪካ ድንበር ላይ ባለችው ሲዩዳድ ሁዋሬስ ነው። ቤቱ የኮሜዲያን ቤት ነበር። ታላቅ ወንድሙ ኸርማን፣ ማለትም ቲን ታን፣ በሜክሲኮ ሲኒማ ወርቃማ ዘመን ስማቸው ከገነነው አንዱ ነው፤ ታናሹ ማኑኤል ደግሞ "ኤል ሎኮ" ተብሎ በቴሌቪዥን ታወቀ። ራሞን ወደ ፊልም የገባው በ1940ዎቹ መጨረሻ በቲን ታን በኩል ነው። ከዚያ በኋላ ሃያ ዓመት ያህል በትናንሽ ሚናዎች አለፈ።

ነገሩ የተለወጠው የኤል ቻቮ ደራሲና ቻቮን ሆኖ የተጫወተው ሮቤርቶ ጎሜስ ቦላኞስ፣ ማለትም ቸስፒሪቶ፣ በ1960ዎቹ መጨረሻ ለቴሌቪዥን ሥራው ሲጠራው ነው። ኤል ቻቮ በ1970ዎቹ መጀመሪያ በአጭር ድራማ ተጀመረ፣ በ1973 ራሱን የቻለ ተከታታይ ሆነ። ገጸ ባሕሪው የራሞንን የራሱን ስም ይዞ ነው የወጣው። ዶን ራሞን ሚስቱ የሞተችበት፣ ልጁን ቺሊንድሪናን ብቻውን የሚያሳድግ፣ የአሥራ አራት ወር ኪራይ ያለበት ሰው ነው። አከራዩ ሴኞር ባሪጋ በመጣ ቁጥር ይደበቃል። ጎረቤቱ ዶኛ ፍሎሪንዳ ብዙ ጊዜ ባላጠፋው ጥፋት በጥፊ ታጮለዋለች፤ እሱ ባርኔጣውን መሬት ጥሎ ይረጋግጣል፣ ከዚያ ንዴቱን ቻቮ ላይ ይወጣል። አናጢ፣ ፀጉር አስተካካይ፣ ጫማ ጠጋኝ ሆኖ ሞክሯል፣ አንዱም አልሰመረለትም። ያም ሆኖ ማንም ለማይጠይቀው ለዚያ የሙት ልጅ ሲያዝን ታያለህ፣ እና እነዚያን ትዕይንቶች ከራሞን በላይ የሚጫወት ሰው አልነበረም። በዚያው ቡድን በሌላው ተከታታይ በቻፑሊን ኮሎራዶ ውስጥም ሱፐር ሳም የተባለውን ገጸ ባሕሪ ሆኖ ተጫውቷል፤ እዚያም ቢሆን ከመድረኩ ዓይን የሚስበው እሱ ነው።

በ1979 ቡድኑን ለቀቀ። አንዳንዶች ዶኛ ፍሎሪንዳን በምትጫወተው በፍሎሪንዳ ሜሳ አመራር ስላልተስማማ ነው ይላሉ፤ ሌሎች ደግሞ ቀድሞ ከወጣው ከካርሎስ ቪያግራን፣ ማለትም የዶኛ ፍሎሪንዳን ልጅ ኪኮን ከሚጫወተው፣ ጋር ያያይዙታል። በ1981 ለአጭር ጊዜ ተመለሰ። ቀጥሎ ከቪያግራን ጋር በቬኔዝዌላ ሠራ፣ በ1987 ደግሞ ሁለቱ በሜክሲኮ በኪኮ ስም በወጣ ተከታታይ ተገናኙ። ሲጋራ አጫሽ ነበር። በኦገስት 1988 በካንሰር፣ በ64 ዓመቱ አረፈ።

ብራዚል ውስጥ ስሙ ሴው ማድሩጋ ነው። ተከታታዩ እዚያ መታየት የጀመረው በ1984 ነው፣ ዛሬም ፊቱ ቲሸርት ላይ ይታተማል። ከዋናው ከቻቮ እሱ ይበልጣል የሚሉ ብዙ ናቸው፤ እኔም እንደነሱ ነኝ።