ሄንሪ ሼፍሊን፦ ስለ ባለ አስር ሜዳሊያው የሚወራውና እውነታው

ኸርሊንግ የአየርላንድ ጥንታዊ የዱላና የኳስ ጨዋታ ነው። ስለዚህ ስፖርት ወሬ ከተነሳ የኪልኬኒው ሄንሪ ሼፍሊን ስም ሳይጠራ አይታለፍም። እ.ኤ.አ. ከ1999 እስከ 2014 ለካውንቲው (ለአውራጃው) ለኪልኬኒ ቡድን ተጫውቶ አስር የመላ አየርላንድ ሻምፒዮና ሜዳሊያ ወስዷል። በ2015 መጋቢት ዱላውን ሰቀለ። ስለ እሱ ከሚባለው ግን ግማሹ ልክ አይደለም። (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

«ይሄማ የእኛ ገና ነው!»

ቪዲዮውን ያየ ሐበሻ እንዲህ ቢል አይፈረድበትም። ዱላ አለ፣ ትንሽ ጠንካራ ኳስ አለች፣ ግፊያ አለ። ኸርሊንግ ላይ ግን የዱላው ጫፍ ሰፊና ጠፍጣፋ ነው። ኳሷ አየር ላይ እንዳለች ትመታለች፤ በእጅም ትቀለባለች። ዱላው ጫፍ ላይ አስቀምጠዋት የሚሮጡም አሉ። በየቡድኑ 15 ሰው ይሰለፋል፤ በካውንቲ ደረጃ ጨዋታው 70 ደቂቃ ነው። ኳሷ ከአግዳሚው በታች መረብ ውስጥ ስትገባ ጎል ነው፣ 3 ነጥብ ያስገኛል። ከአግዳሚው በላይ በቋሚዎቹ መሃል ስታልፍ 1 ነጥብ ነው። ይህችን ያዙልኝ፣ ወደ ታች ታስፈልገናለች።

«በጨዋታው ሀብታም ሆኗል»

ደሞዝ የለም። የዝውውር ገበያም የለም። ኸርሊንግን የሚያስተዳድረው የጌሊክ አትሌቲክስ ማኅበር ተጫዋቾች አማተር ናቸው። ሼፍሊን ባንክ ውስጥ ይሠራ ነበር። እሁድ ፍጻሜው በሚደረግበት የደብሊን ስታዲየም፣ ክሮክ ፓርክ ላይ 80 ሺህ ሰው ሲጮህለት ይውልና በሳምንቱ ወደ ቢሮው ይመለሳል። የባሊሄል መንደር ልጅ ስለሆነ ክለቡ ባሊሄል ሻምሮክስ፣ ካውንቲው ኪልኬኒ ነው። በተጫዋችነቱ ዘመን ከዚያ ወጥቶ አያውቅም።

«ከመጀመሪያው ጀምሮ ሽንፈት አያውቅም»

የመጀመሪያ ዓመቱን ብቻ እንይ። በ1999 ፍጻሜ ኪልኬኒ በኮርክ 13 ለ12 ተሸነፈ። በአንድ ነጥብ! በ2004 ፍጻሜም ያው ኮርክ መልሶ አሸነፋቸው፤ ያኔ 17 ለ9 ነበር። አስር ሜዳሊያ ሲባል እነዚህ ይረሳሉ።

«በ2010 ኪልኬኒ የተሸነፈው ሼፍሊን ተጎድቶ ስለወጣ ነው»

በጣም የሚወደደው ታሪክ ይሄ ነው። ኪልኬኒ ከ2006 እስከ 2009 አራት ዋንጫ በተከታታይ ወስዶ አምስተኛውን ፈለገ። ሼፍሊን በግማሽ ፍጻሜው ከኮርክ ጋር ሲጫወት የጉልበቱ ጅማት ተጎዳ። ፍጻሜው የቀረው አራት ሳምንት ነው። ይደርሳል አይደርስም በሚለው አገሩ ሁሉ ተጨነቀ፤ ልምምዱን ለማየት የኪልኬኒ ስታዲየም ኖውላን ፓርክ በሺዎች ተሞላ። ተሰለፈም። ሩብ ሰዓት ሳይሞላ ጉልበቱ ከዳውና ወጣ። ቲፐራሪ አሸነፈ።

ግን ተረጋግተን እናስብ። ያን ቀን የቲፐራሪው ላር ኮርቤት ብቻውን ሦስት ጎል አግብቷል። ውጤቱ 4 ጎልና 17 ነጥብ ለ1 ጎልና 18 ነጥብ፣ ማለትም 29 ለ21 ነበር። ስምንት ነጥብ ነው ልዩነቱ። ደግሞም ሼፍሊን በ2007 ፍጻሜ፣ ያውም አምበል ሆኖ፣ ተመሳሳይ የጉልበት ጉዳት ደርሶበት ከእረፍት በኋላ አልተመለሰም። ኪልኬኒ ግን ሊመሪክን አሸንፏል። ስለዚህ ቲፐራሪ የተሻለ ቡድን ነበር ቢባል ይሻላል፤ ለእኔ ይሄ ግልጽ ነው። በ2011 ፍጻሜ ሁለቱ እንደገና ተገናኙ። ሼፍሊንም ተመልሶ ነበር፤ ኪልኬኒ አሸነፈ።

«በ2012 ፍጹም ቅጣት ምቱን ፈርቶ አባከነ»

ከጋልዌይ ጋር በተደረገው ፍጻሜ መገባደጃ ላይ ፍጹም ቅጣት ምት አገኘ። መረቡን ትቶ በአግዳሚው በላይ መታትና አንድ ነጥብ ወሰደ። ጋልዌይ በተጫዋቹ በጆ ካኒንግ ቅጣት ምት አቻ ሆነ። ጎል መሞከር ነበረበት የሚሉ ዛሬም አሉ። ያኔ ግን ውጤቱ እኩል ነበር፤ መስመሩ ላይ የሚጠብቁት ተከላካዮች ኳሷን ቢመልሷት ባዶ እጁን ነበር የሚቀረው። መሪነቱን ወሰደ፤ ስሌት ነው። በድጋሚው ጨዋታ ኪልኬኒ በሰፊው አሸነፈ፤ እሱም ለሦስተኛ ጊዜ የዓመቱ ምርጥ ተጫዋች ተባለ።

«አስሩንም ፍጻሜ ቋሚ ተሰላፊ ነበር»

አልነበረም። በ2014 ቲፐራሪን በድጋሚ ጨዋታ ሲያሸንፉ መጨረሻ ላይ ተቀይሮ ነው የገባው። ቢሆንም ሜዳ ላይ ተጫውቶ አስር ያገኘ የመጀመሪያው ሰው እሱ ነው። ከእሱ በፊት የኪልኬኒው ግብ ጠባቂ ኖኤል ስኬሃን ዘጠኝ ነበረው፤ ሦስቱን ያገኘው ግን ከተጠባባቂ ወንበር ሳይነሳ ነው።

«የነጥብ ክብረ ወሰኑ አሁንም የእሱ ነው»

ሼፍሊን የቀድሞውን ባለ ክብረ ወሰን የኪልኬኒውን ኤዲ ኬኸርን አልፎ በሻምፒዮናው 27 ጎልና 484 ነጥብ፣ በድምሩ 565 ላይ አቁሟል። በ2021 ያው ጆ ካኒንግ አለፈው። ከዚያ የኮርኩ ፓትሪክ ሆርጋንና የኪልኬኒው ቲጄ ሪድ ከካኒንግም በላይ ሄዱ። ሪድ ደግሞ የባሊሄል ልጅ ነው፤ በክለብም በካውንቲም ከሼፍሊን ጎን ተጫውቷል።